ደረጃና ውለታ

አክስቴ ደረጃ ትቆጥራለች። መቁጠር ፈልጋ አይደለም፤ ጉልበቷ ነው የሚያስቆጥራት። ዕድሜዋ ከሰባ አልፏል፤ ቀኝ ጉልበቷ አልታዘዝ ካላት አሥር ዓመት ሆነው። ከዘራ ያዢ ብንላት እሺ አላለችም። በምትኩ ክረምት ከበጋ ጃንጥላ ከእጇ አይለይም። ሰማዩ ጠርቶ ሳለ ጃንጥላዋን መሬት እየተከለች ስትራመድ የሚያያት ሁሉ ምክንያቱን ያውቀዋል፤ ቤታችን ውስጥ ግን ስለዚያ ጃንጥላ አንድም ሰው ትንፍሽ ብሎ አያውቅም። እቴቴ ነው የምንላት።

ወር በገባ በመጀመሪያው ቀን ልደታን ትሳለማለች። የምንኖረው በከተማው ምሥራቅ በኩል ስለሆነ ድሮ ይህ ጉዞ የሁለት ታክሲ ግፊያ ነበር። በ2008 ዓ.ም. ቀላል ባቡሩ ሥራ ሲጀምር ሁለቱ ታክሲ አንድ ባቡር ሆነላት። ልደታ ላይ ግን ሐዲዱ ከመሬት ተነሥቶ በምሰሶ ላይ ነው የሚያልፈው። ከባቡር የወረደ ሰው ገና አልወረደም፤ ደረጃው ይቀረዋል። ሲመለስ ደግሞ ያንኑ መውጣት አለ። እቴቴ ደረጃውን በልቧ ከፋፍላዋለች፤ የት ላይ ቆማ እንደምታርፍ፣ የት ላይ ነጠላዋን የምታስተካክል መስላ ትንፋሿን እንደምትሰበስብ ታውቃለች። ቁጥሩን ግን ለማንም አትናገርም።

ማታ ቤት ስትገባ ከቅዳሴውና ከስብከቱ በፊት የምታወራልን ስለ ክንዶች ነበር። «ስወጣ የደገፈኝ ቀይ ሹራብ የለበሰ ልጅ ነው፤ እናቱን ያኑርለት። ስወርድ ደግሞ አንዲት ነፍሰ ጡር ናት፤ እሷ መያዝ ሲገባት እኔን ያዘችኝ፤ በሰላም ያገላግላት።» ስማቸውን አትጠይቅም፤ እነሱም አይነግሯትም። ባቡሩ ይመጣል፣ ይለያያሉ። ስለዚህ ስትጸልይ በልብሳቸውና በመልካቸው ታነሣቸዋለች፦ ባለ ቀይ ሹራቡን፣ ነፍሰ ጡሯን፣ ዶሮ በዘንቢል የያዘውን ሰውዬ፣ ጥርሰ ፍንጭቱን ተማሪ። በመጋረጃው በኩል እየሰማሁ ይህ ዝርዝር ደስ ይለኝ ነበር። ስንት ደግ ሰው አለ እያልኩ እተኛለሁ።

አንድ ወር ልደታ ደርሶ አልተነሣችም። ነጠላዋ እንደታጠፈ አልጋው ራስጌ ላይ ነው። ታመመች ብዬ ደነገጥኩ። አልታመመችም።

«ስንቱን ሰው ላስቸግር፣ ልጄ» አለችኝ። ሌላ አልጨመረችም።

ይህች ንግግር ከዚያ ቀን ጀምራ አልለቀቀችኝም። በየወሩ በመጋረጃው በኩል ስሰማው የኖርኩት ምስጋና ብቻ መስሎኝ ነበር፤ ለካ የዕዳ መዝገብም ነበር። እኔ ደግነትን ስቆጥር እሷ የምትቆጥረው መክፈል ያልቻለችውን ነው። ሰላሳ ዓመት አስተምራ ጡረታ የወጣች፣ ከማንም አሥር ብር ተበድራ የማታውቅ ሴት፣ ወር በገባ ቁጥር በደረጃ ላይ አዲስ ባለ ዕዳ ትሆናለች።

ውለታ ስንል ብዙ ጊዜ የምናስበው የዋለውን ሰው ነው። የዋለው ግን ቀልሎት ይሄዳል፤ የተዋለለት ነው ተሸክሞት የሚሄደው። ቋንቋችን ይህን ያውቃል። ውለታ ይመለሳል፤ ውለታ አይረሳም፤ የረሳ ሰው ውለታ ቢስ ይባላል፤ ይህም ስድብ በብዙ ቤት ከሌባ አይተናነስም። ውለታ የራሱ ሚዛን ያለው ነገር ነው፤ ሚዛኑም የሚሠራው ሰጪና ተቀባይ ነገ ዳግም ሲገናኙ ብቻ ነው።

እቴቴ የተወለደችበት ገጠር የታመመ ሰው የሚወሰደው በቃሬዛ ነበር። አራት ሰው ይሸከማል፣ ሌላው ይከተላል፣ የደከመው ይቀየራል፤ ጤና ጣቢያ እስኪደረስ እንዲህ ይቀጥላል። ቃሬዛ ላይ የተኛው ሰው ያፍር ነበር ወይ ብዬ ጠየቅኋት። ጥያቄው ራሱ አልገባትም። «ለምን ያፍራል? እሱም ሲሸከም ኖሯል። ቢድን ነገም ይሸከማል፤ እሱ ባይችል ልጁ አለ።» እዚያ ዕዳ የለም ማለት አይደለም፤ ዕዳው እንደ ጽዋ ከእጅ ወደ እጅ ይዞራል እንጂ አንድ ሰው ላይ አይከማችም። ተሸካሚዎቹና የተሸከሙት ሰው በእሑድ ቤተ ክርስቲያን፣ በማክሰኞ ገበያ፣ በመኸር ደቦ ይገናኛሉ።

ፌርማታ ላይ ነገ የለም። ለአምስት ደቂቃ አንድ ላይ የቆመው ሰው ሁሉ፣ አንድም ሳይጎድል ሌላም ሳይጨመርበት፣ ዳግመኛ አንድ ላይ አይቆምም። ባለ ቀይ ሹራቡን ልጅ እቴቴ ሁለተኛ አታገኘውም፤ ብታገኘውም ሹራቡን ቀይሯል። «ሰው ለሰው መድኃኒቱ ነው» የሚለውን አባባል እወደዋለሁ፤ ግን የተነገረው ሰው ከሰው በሚተዋወቅበት አገር ነው። ከተማ ስንገባ መድኃኒቱ አብሮን ገብቷል፤ የመክፈያው መንገድ ግን እዚያው ቀርቷል። ደጋግሜ ሳስበው ከተማን ከገጠር የሚለየው ፎቁና መኪናው አይመስለኝም። ከተማ ውለታ የማይመለስበት ቦታ ነው።

ይህን እኛ ዛሬ የደረስንበት ነገር አድርጌ ብናገር ውሸት ይሆናል። እድርን ያሰቡት ሰዎች ያውቁት ነበር። በእድር ያለ ሰው ሐዘን ሲገባበት ድንኳን ለመለመን ደጅ ለደጅ አይዞርም፤ አግዳሚ ወንበር አይዋስም፤ ንፍሮ መቀቀያ ብረት ድስት ከማን ላግኝ አይልም። በየወሩ ሲያዋጣ ኖሯልና ድንኳኑ የእሱም ነው። ያን ቀን የሚያለቅሰው ለሞተበት ሰው ብቻ ነው፤ በማስቸገሩ አይሸማቀቅም። ደግነቱ የትም አልሄደም። በልመና ከሚገኝበት ቦታ ተነሥቶ በመብት ወደሚገኝበት ቦታ ተዛወረ፣ ድንኳንና ወንበርና ድስት ሆነ። ከየአገሩ ተሰባስቦ ጎን ለጎን የተቀመጠ፣ የማይተዋወቅ ሕዝብ ይህን ማሰቡ ትልቅ ጥበብ ይመስለኛል። ደረጃ ለማይችል ሰው የሚሠራ የፌርማታ መወጣጫም በእኔ ዐይን ሌላ ነገር አይደለም። ሰላሳ ዓመት ከደመወዟ ግብር የተቆረጠባት መምህርት ያዋጣችበት ድንኳን ነው።

መወጣጫ አልኩ እንጂ ሰው ሁሉ የሚለው ራምፕ ነው። የጉዞ ቃሎቻችን ብዙዎቹ ከውጭ የመጡ ናቸው። ፌርማታ የጣሊያን ነው፤ አሳንሰርና ለገሃር ከፈረንሳይኛ ገቡ። ደረጃ ግን ከየትም ይምጣ የራሳችን ሆኖ ኖሯል፤ ሥራውም ሁለት ነው። የምንወጣበት ድንጋይ ደረጃ ነው፤ ሰው ከሰው የሚበላለጥበትም ደረጃ ነው። አንደኛ ደረጃ፣ ዝቅተኛ ደረጃ፣ ደረጃውን ያልጠበቀ፣ ከደረጃ በታች። ግእዙም ከዚህ አይርቅም፤ ማዕረግ የወጣው ዐርገ ከሚለው ግስ ነው፤ መውጣትና መክበር አንድ ሥር አላቸው። እንዲህ ባለ ቋንቋ ውስጥ ያደገ ሰው ደረጃ ሥር ቆሞ መውጣት ሲያቅተው የሚሰማው የጉልበቱ ድክመት ብቻ ሊሆን አይችልም። ቃሉ ራሱ ታች ነህ ይለዋል።

ተደራሽነት የሚለው ቃል ደግሞ የመሥሪያ ቤት ቃል ሆኖ ቀረ። በስብሰባ፣ በሪፖርት፣ በባነር ላይ እናገኘዋለን። ሥሩ ግን ደረሰ ነው። ደረሰ የደከመ ሰው ቃል ነው፤ ከረጅም መንገድ በኋላ የሚባል። እህል ይደርሳል፣ ልጅ ለወግ ለማዕረግ ይደርሳል፣ የተጨነቀ ሰው ድረሱልኝ ይላል። ተደራሽ ስንል የምንናገረው ስለ ቦታው ነው፤ ሊደረስበት የሚችል ቦታ ማለታችን ነው። እኔን የሚያስጨንቀኝ ግን ያልደረሰው ሰው ነው። በእኛ ዘንድ ያልደረሰ ሰው ቀረ ይባላል። «እቴቴስ?» «ቀረች።» ሰው የቀረው በፈቃዱ ይሁን በደረጃ ምክንያት ይህ ቃል አይለይም። እኛም ብዙ ጊዜ አንለይም። ቤታቸው የዋሉ ሽማግሌዎችን መውጣት የማይወዱ ናቸው እያልን ስንት ዓመት አሳለፍን።

የአዲስ አበባ ቀላል ባቡር 34 ኪሎ ሜትር ያህል ይረዝማል፤ ፌርማታዎቹ 39 ናቸው። አንዱ መስመር ከአያት ጦር ኃይሎች፣ ሌላው ከቃሊቲ ምኒልክ አደባባይ ይደርሳል፤ ከስታዲየም እስከ ልደታ ባሉት አምስት ፌርማታዎች ሁለቱ በአንድ ሐዲድ ይሄዳሉ። ሥራው 475 ሚሊዮን ዶላር ፈጅቷል፤ አብዛኛው ከቻይና የተገኘ ብድር ነው። ከእነዚህ ቁጥሮች ሁሉ እኔን የሚገርመኝ ግን ብዙም የማይነገረው ነው፦ የባቡሮቹ ወለል 70 በመቶው ዝቅ ያለ ነው። መሐንዲሶቹ ሞተሩንና ዕቃ ዕቃውን ወደ ጣሪያውና ወደ ጫፎቹ ገፍተው መካከለኛውን ወለል ወደ መሬት አቅርበውታል። ያን ማድረግ ቀላል ሥራ አይደለም፤ የተደረገውም ተሳፋሪው እግሩን እንዳያነሣ ተብሎ ነው። ባቡሩ በበኩሉ ዝቅ ብሎ መጥቷል። ከቤት እስከ ባቡሩ በር ያለው መንገድ ነው የእኛ ፈንታ።

እዚህ ላይ የስበት ሕግ አለ፤ በበጎ ፈቃድ ብቻ አይታለፍም። በብዙ አገር የሚሠራበት የራምፕ ልክ አንድ ለአሥራ ሁለት ነው፤ አንድ ሜትር ከፍ ለማለት አሥራ ሁለት ሜትር መንገድ ያስፈልጋል። ከዚያ በላይ ቀጥ ካለ ዊልቸር የሚገፋ ክንድ ይዝላል፣ ሲወርድም ጎማው ያመልጣል። ስድስት ሜትር ከፍታ ላይ ላለ ፌርማታ ሰባ ሁለት ሜትር ራምፕ ማለት ነው፤ በመካከሉ ማረፊያ ሳይቆጠር። በምሰሶ ላይ ላለ ፌርማታ ስለዚህ አሳንሰር የግድ ነው። አሳንሰር ግን ከራምፕ የተለየ ጠባይ አለው። ራምፕ አንድ ቀን የታሰበ ሐሳብ ነው፤ ከደረቀ በኋላ ያሰበው ሰው ቢሞትም፣ መብራት ቢጠፋም፣ በጀት ቢዘገይም ሥራውን ይሠራል። አሳንሰር በየቀኑ መታሰብ ይፈልጋል። መብራቱን፣ ቅባቱን፣ መለዋወጫውን፣ ቁልፉን የያዘውን ሰው። የአንድ ከተማ ሐሳብ ምን ያህል ጽኑ እንደሆነ ማወቅ የሚፈልግ ሰው አሳንሰሩን ከተመረቀ ከአሥር ዓመት በኋላ ይጎብኘው።

ሕጉ አለን። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 41 መንግሥት ለአካል ጉዳተኞችና ለአረጋውያን አቅሙ በፈቀደ መጠን ድጋፍ እንዲያደርግ ያዝዛል። የሕንፃ አዋጁ ቁጥር 624/2001 በአንቀጽ 36 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃ ለአካል ጉዳተኛ የሚመች መግቢያ እንዲኖረው አስገድዷል። በ2002 ዓ.ም. አገራችን የተባበሩት መንግሥታትን የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነት አጽድቃለች፤ ስምምነቱ በ9ኛው አንቀጹ መጓጓዣን በስም ይጠራል። እቴቴ ግን ራሷን አካል ጉዳተኛ አትልም። ነፍሰ ጡሯም አትልም፤ ኩንታል የተሸከመውም አይልም፤ እግሩ ጄሶ ውስጥ ያለው ተማሪም አይልም። ሕጉ ለጥቂቶች የተጻፈ ይመስላል፤ ደረጃው የሚከለክለው ግን በየተራው ሁላችንንም ነው።

የእቴቴ ልጅ የሚኖረው አሜሪካ፣ ከዴንቨር አጠገብ ባለችው አውሮራ ከተማ ነው፤ ብዙ የአገራችን ሰው ባለበት። የከተማ አውቶቡስ ይነዳል። ሥራ በጀመረ ሰሞን ስልክ ደውሎ «እማ፣ እዚህ አውቶቡሱ ይንበረከካል» አላት። «እንደ ግመል?» አለችው። እንደ ግመል። ሽማግሌ ወይም አሮጊት ፌርማታ ላይ ሲያይ አንድ ቁልፍ ይጫናል፤ የአውቶቡሱ የፊት ጎን አየሩን ተንፍሶ ዝቅ ይላል፤ ዊልቸር ከሆነ ከበሩ ሥር መረማመጃ ይዘረጋል። ተሳፋሪው አመሰግናለሁ ሊል ይችላል፣ ላይልም ይችላል። ልጇ ይህን ሲነግራት ደጋግማ የጠየቀችው አንድ ነገር ነው፦ «የማይናገርህም አለ? ዝም ብሎ የሚገባ?» አለ ብሏታል፤ ብዙ ነው። እቴቴ ይህን ለቀናት አብላላችው። ዝም ብሎ መግባት እንደሚቻል።

ያ መንበርከክ በደግነት የመጣ አይደለም። እ.ኤ.አ. ጁላይ 5 ቀን 1978 በዚያችው ዴንቨር ኮልፋክስና ብሮድዌይ በሚገናኙበት መንገድ ላይ 19 አካል ጉዳተኞች በዊልቸራቸው አውቶቡሶችን ከበው አላሳልፍ አሉ። ሌሊቱን እዚያው መንገድ ላይ አደሩ። የጠየቁት እንደ ማንኛውም ሰው ሳንቲም ከፍለው መሳፈር ነበር። ከአሥራ ሁለት ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. ማርች 12 ቀን 1990፣ ከስልሳ የሚበልጡ ሰዎች ዋሽንግተን በሚገኘው የአገሪቱ ምክር ቤት ደረጃ ሥር ዊልቸራቸውንና ክራንቻቸውን ትተው በእጃቸውና በክርናቸው እየተሳቡ ወጡ። ከመካከላቸው የስምንት ዓመት ልጅ ነበረች። በዚያው ዓመት ጁላይ 26 የአሜሪካ አካል ጉዳተኞች ሕግ ተፈረመ። ይህን ለእቴቴ ስነግራት ሕጉን አልጠየቀችኝም።

«ሕፃኗን ማን አወጣት?»

«ማንም። ራሷ ናት የወጣችው።»

ጃንጥላዋን ከግድግዳው አንሥታ ጭኗ ላይ አጋደመችው፤ ቡና እስኪፈላ ድረስ ምንም አልተናገረችም።

የሰፈራችን ፌርማታ እንደ ልደታ በምሰሶ ላይ አይደለም፤ ሐዲዱ በመንገዱ መካከል መሬት ላይ ነው። ከአስፋልቱ ወደ ፌርማታው ለመግባት ግን አንድ ስንዝር ከአራት ጣት የሚሆን የድንጋይ ጠርዝ ነበር። ጠርዙን ለዓመታት በየቀኑ ተሻግሬዋለሁ፤ አይቼው ግን አላውቅም። ጤነኛ እግር የማያየው ነገር አለ። ያየሁት ከእቴቴ ጋር የሄድኩ ቀን ነው። እሷ ከሩቅ፣ ገና ከማዶ ሳለን ታየው ነበር። እርምጃዋን ትመጥናለች፣ ጃንጥላዋን ወደ ግራ ታዛውራለች፣ ማንን እንደምትይዝ በዐይኗ ትፈልጋለች።

አንድ ሚያዝያ ጠዋት ሠራተኞች መጡ። ጠርዙን በዲጅኖ ፈነቀሉት፤ አሸዋና ሲሚንቶ አቦኩ፤ ከአስፋልቱ እኩል ጀምሮ ቀስ እያለ የሚያድግ ተዳፋት አፈሰሱ። ገና ሳይደርቅ አንዱ ሠራተኛ በመጥረጊያ ጠረገው፤ ዝናብ ሲመታው እንዳያዳልጥ ገጹን ማሻከሩ ነው። ከዚያ እርጥብ ጆንያ አልብሰውት ለቀናት ውሃ ሲያጠጡት ሰነበቱ። ከጆንያው በፊት አንድ ውሻ ረግጦት ኖሮ አራት ዱካ ታትሞ ቀርቷል። ሥራው ይኸው ነው። ሪባን የቆረጠ ሰው አላየሁም።

ጆንያው ከተነሣ በኋላ ጠዋት ጠዋት ባቡር ስጠብቅ ማን እንደሚያልፍበት ማየት ልማዴ ሆነ። መጀመሪያ የወጣበት ጀሪካን የጫነ የእጅ ጋሪ ነው። ከዚያ ልጇን ያዘለች ሴት፤ ባለ ጎማ ሻንጣ የምትጎትት ልጅ፤ የሊስትሮ ሣጥኑን የተሸከመ ታዳጊ፤ ሁለት ሽማግሌዎች እየተከራከሩ። አጠገቡ ያለውን ያልተነካ ጠርዝ መርገጥ የሚችሉ ወጣቶች እንኳ ሳይታወቃቸው ወደ ተዳፋቱ ያዘነብላሉ። ውሃ መውረጃውን እንደሚያገኘው እግርም የሚቀለውን ያገኘዋል።

ባለ ዊልቸር ወጣት ያየሁት ከብዙ ቀን በኋላ ነው። ሳይቆም መጣ፣ ሳይቆም ወጣ፣ ሄዶ ሰው መካከል ቆመ። እስኪወጣ ድረስ ያስተዋለው ሰው አልነበረም፤ ከወጣም በኋላ አልነበረም። ይህ ነው ያስደነቀኝ። በከተማችን ዊልቸር ደረጃ ሥር ሲደርስ ምን እንደሚሆን እናውቃለን። አራት ጎበዝ ይሰበሰባል፣ ሃያ ሰው ከንፈር ይመጥጣል፣ አንዱ በግራ ያዝ አንዱ በቀኝ ይላል፤ ሰውየው በአየር ላይ እንደ ታቦት ይነሣል። ሁሉም ከልቡ ነው የሚረዳው። ሰውየው ግን ወደ ሥራው ወይም ወደ ፍቅረኛው የሚሄድ ሰው መሆኑ ቀርቶ በዚያች ቅጽበት የሁሉም ጽድቅ ማስገኛ ይሆናል። ያን ቀን ጠዋት ማንም አልጸደቀም። ወጣቱ ስልኩን አውጥቶ እንደማንኛችንም ሰዓት አየ፤ ባቡሩ ዘግይቷል ብሎ እንደማንኛችንም ተበሳጨ።

በአስፋልትና በፌርማታ ጠርዝ ላይ ለዐይነ ስውራን ስለሚነጠፈው ቢጫ ንጣፍም አንድ ነገር ልበል፤ ከሰው ልጅ ጽሕፈቶች አንዱ አድርጌ እቆጥረዋለሁና። ያሰበው ሴይቺ ሚያኬ የሚባል ጃፓናዊ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1967 መጀመሪያ የተነጠፈው በኦካያማ ከተማ፣ ከዐይነ ስውራን ትምህርት ቤት አጠገብ ነው። ረጃጅም መስመር ከሆነ ሂድ ማለት ነው፤ ነጠብጣብ ከሆነ ቁም፣ ከፊትህ ጠርዝ አለ። ሁለት ፊደል ብቻ ያለው፣ በእግርና በበትር የሚነበብ ጽሑፍ። ባቡር ፌርማታ ላይ ያ ነጠብጣብ የሕይወትና የሞት ነጥብ ነው፤ ላዩ ላይ የቆመ ኪዮስክ ወይም የተቆለለ ሸቀጥ ከሸፈነው ደግሞ ከመጽሐፍ ላይ የተቀደደ ገጽ ይሆናል።

አንድ ጥርጣሬ ግን አብሮኝ አለ፤ ደብቄው ማለፍ አልፈልግም። መወጣጫው ሁሉ ቢሠራ፣ ንጣፉ ሁሉ ቢነጠፍ፣ ባለ ቀይ ሹራቡ ልጅ እቴቴን የሚይዝበት ምክንያት አይኖርም። የማይነካካ ከተማ እንሆን ይሆን? ይህን ሳስብ ትዝ የሚሉኝ ዐይነ ስውር የቅኔ መምህራን ናቸው። በአብነት ትምህርት ቤት ዐይናቸው የማያይ ታላላቅ መምህራን ነበሩ፣ አሉም፤ ተማሪ እጃቸውን ይዞ ይመራቸዋል፣ እሳቸው በመንገድ ላይ ቅኔውን ያስቀጽሉታል። ተማሪው መንገዱን ያሳያል፣ መምህሩ ምሥጢሩን። እዚያ መሪ ማን ነው፣ ተመሪ ማን ነው? ያን የመሰለ መደጋገፍ በሲሚንቶ ቢተካ አገር ይጎዳል።

ነገር ግን የመምህሩ ክብር ከየት እንደመጣ ልብ እንበል። የሚሰጡት ነበራቸው፤ የሚሰጡትንም የሚቀበል አጠገባቸው ነበር። ፌርማታ ላይ እቴቴ ምን ትሰጣለች? ሰላሳ ዓመት ያስተማረችውን በሁለት ደቂቃ የደረጃ መንገድ ለማን ታካፍላለች? ትንፋሿ ተቆርጦ፣ ዐይኗ እግሯ ላይ ተተክሎ፣ ክንዷ በማታውቀው እጅ ውስጥ ሆኖ። ልትሰጥ የምትችለው ምርቃት ብቻ ነው፤ ምርቃቷንም አላስቀረችም።

ተዳፋቱ የልደታን ደረጃ አላቀለለውም። ልደታን ዛሬም ከቤቷ ሆና ነው የምታስባት፤ ግንቦት 1 ሲደርስ ብቻ ሰው ይዟት ይሄዳል። መለዋወጫ ጠፍቶ ከ41ዱ ባቡሮች ብዙዎቹ ከቆሙ ወዲህ ደግሞ የሚመጣው ባቡር ሞልቶ ይመጣል፤ ግፊያ ራሱ ሌላ ደረጃ ነው። ለዚህም ተዳፋት የሚያፈስለት አልተገኘም።

ባለፈው ወር በ12 ከሥራ ስመለስ እቴቴ ቤት አልነበረችም። ጃንጥላዋም የለም። ጎረቤት ጠየቅኩ፣ አላዩአትም። ስልኳ አልጋው ላይ ይጮኻል። ወደ ፌርማታው ልወጣ በሩን ስከፍት እሷ በሩ ላይ ናት። በአንድ እጇ ጠበል የሞላ የፕላስቲክ ጠርሙስ፣ በሌላው ጃንጥላ።

«ምነው፣ ፈለግኸኝ እንዴ?»

«የት ሄደሽ ነው?»

«ሚካኤል ነዋ። ቀኑን ረሳኸው?» የቅዱስ ሚካኤል ፌርማታ እንደኛው መሬት ላይ ነው።

ነጠላዋን አወለቀች፣ አጠፈች። እንደለመድኩት ስለ ክንዶቹ እስክትነግረኝ ጠበቅኩ። ጠበሉን ወደ ጓዳ አስገባች፤ ምጣዱን ገለጥ አድርጋ አየች።

«ማን ያዘሽ ታዲያ?» አልኳት በመጨረሻ።

«ማንም አልያዘኝም» አለች። ትንሽ አሰበች። «አንዲት ልጅ ግን አጠገቤ ተቀምጣ ስንጫወት ነው የሄድነው። መምህርት ናት፤ ሦስተኛ ክፍል። ልጆቹ ማባዛት አልገባ አሏት።»

«ምን አልሻት?»

«በባቄላ አስተምሪያቸው አልኳት።»